በእህቴ ዓይን ላይ የነበረው ክር

እህቴ በሦስት ዓመት ትበልጠኛለች። እትዬ እላታለሁ፤ ግን አንቺ እያልኩ ነው። ከወጣትነቷ ጀምሮ ትራኮማ ሽፋሽፍቷን ወደ ውስጥ እየቀለበሰ ዓይኗን ሲወጋት ኖሯል። እኔ ደግሞ ወረንጦ እይዛለሁ። አቃቂ፣ በጨርቅ ፋብሪካው የምርመራ ክፍል ነበር የምሠራው። የተሸመነውን ጣቃ ብርሃን ላይ ዘርግተን የተበጠሰ ድር እንፈልጋለን፤ ካገኘን እንቀጥለዋለን። እጄ የማይንቀጠቀጠው ከዚያ ይመስለኛል።

በሰፈሩ ዓይናቸው ውስጥ ፀጉር የበቀለባቸው ሴቶች አልፎ አልፎ ይመጡ ነበር። እህቴ ግን ቋሚዬ ነበረች። በየሁለት ሳምንቱ ከኮዬ ፈጬ ትመጣና ደጄ ላይ ፀሐይ በሚያገኘው በኩል ትቀመጣለች። ራሷን ጭኔ ላይ ታሳርፋለች፤ እኔም አንድ በአንድ እነቅልላታለሁ። ዓይኗ እያለቀሰ አፏ ወሬውን አያቋርጥም። ሠላሳ ዓመት ያህል እንዲህ ኖርን።

የግራ ዓይኗ ቀድሞ ሄዷል። ፀጉሩ ሲፍቀው ኖሮ ጥቁሩ ላይ ነጭ ጠባሳ ጥሎበታል፤ በእሱ ብርሃንና ጨለማ ከመለየት በቀር ምንም አታይበትም። ስለዚህ ቀኙ ላይ ሞራ ሲወጣ ሁላችንም ተጨነቅን። ያሳከመቻት ልጇ ናት። መጀመሪያ የዓይኗን ቆብ ቀዶ ጥገና አድርገው ሽፋሽፍቱን ወደ ውጭ መለሱላት። ቆይተው ሞራውን አወጡላት። ፋሻው የተነሳ ዕለት ክፍሉን ዞር ዞር ብላ አየችና «ግድግዳው ቢጫ ነው እንዴ?» አለች። ቢጫ ነበር።

ሁለት ወር ግድም እንዳለፈ፣ አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ሳትደውል መጣች። ቀኝ ዓይኗ ቀልቷል፤ በነጠላዋ ጫፍ ትጠርገዋለች።

«ወረንጦሽን አምጪ።»

«ምን ሆንሽ?»

«ምን እሆናለሁ፤ ተመልሶ በቀለ። ያን ሁሉ ቀደው ሰፍተው፣ ይኸው እንደ ጎመን ተመልሶ በቀለ።»

እንደ ልማዳችን አስቀመጥኳትና ቆቡን ገልበጥ አድርጌ አየሁ። ሽፋሽፍቷ በሙሉ ወደ ውጭ ነው። ወደ ውስጥ የዞረ አንድም የለም። ነገር ግን በላይኛው በኩል፣ ጥቁሩና ነጩ በሚገናኙበት ቦታ፣ አንድ አጭር ጥቁር ነገር ቆሟል። ረግፎ የተጣበቀ ሽፋሽፍት መሰለኝ። ጫፉን በወረንጦው ያዝኩና ሳብ አደረግሁት።

ፀጉር ሲነቀል እጅ ያውቀዋል። ትንሽ ይይዝና ይለቃል። ይሄ አልለቀቀም። የዓይኗ ነጭ ሽፋን አብሮት ብድግ አለ።

«ኧረ ዓይኔን! ዛሬ ደግሞ ምን ነካሽ?»

ለቀቅሁት። ገብቼ ጋዜጣ የማነብበትን ማጉያ መነጽር አመጣሁና እንደገና አየሁት። የፀጉር ጫፍ እየቀጠነ ነው የሚያልቀው። ይሄኛው ግን እስከ ጫፉ እኩል ነው፤ በስለት የተቆረጠ። ደግሞም ያብለጨልጫል። ናይለን ነው። ዕድሜውን ሙሉ ክር ሲያይ የኖረ ሰው በዚህ አይሳሳትም ይባላል። እኔ ግን ተሳስቼ ስቤዋለሁ።

ለልጇ ደወልኩላት። ሥራ ላይ ነበረች።

«አዎ አክስቴ፣ ሦስት ቦታ ሰፍተነዋል ብለውኛል። ቁስሉ በራሱ አልገጥም ስላለ ነው። ምነው? ማንም እንዳይነካው!»

«እሺ» ብዬ ስልኩን ዘጋሁ። መሳቤን አልነገርኳትም።

እህቴ ሁሉንም ሰምታለች። አልደነገጠችም። «ክርም ሆነ ፀጉር የሚወጋው እኔን ነው» አለች። «ነገ አምስት ነው፣ አቦ ነው። ዓይኔን ይዤ እንዲህ እያለቀስኩ ሳሪስ ልሂድ? ንቀይውና እንገላገል።»

«አልነቅለውም።»

«ሠላሳ ዓመት ስትነቅይ የኖርሽ ሴት ዛሬ ፈራሽ?»

«አዎ፣ ፈራሁ።»

«እንግዲያው የቃሊቲው ማረሚያ ቤት በር ላይ ለጠያቂዎች ሻይ የምትሸጠዋ ትነቅልልኛለች። እሷ እንዳንቺ አትልፈሰፈስም።»

«እሷ ራሷ አታይም።»

ልትነሳ ስትል ወረንጦውን ጉያዬ ውስጥ ከተትኩና በሩ ላይ ተቀመጥኩ። ያ ዓይን ቢፈስ ሌላ የላትም። ይህን ግን ጮክ ብዬ አላልኩትም፤ እሷም ታውቀዋለች። ሐኪም ያዘዘላትን ጠብታ አደረግሁላት፤ እሷም ሽሮው ጨው አነሰው ብላ አኮረፈች። እኔ ዘንድ አደረች።

በማግስቱ ማለዳ ወደ ዓይን ሕክምናው ሄድን። ወረፋ ስንጠብቅ ጆሮዬ ሥር ጠጋ አለች።

«መሳብሽን እንዳትነግሪያቸው። ይቆጡሻል።»

«ይቆጡኝ።»

«እኔን ነው የሚያሳፍረኝ። ከገጠር ትናንት የመጣን ይመስላቸዋል።»

ዶክተሯ ወጣት ናት። የእህቴን አገጭና ግንባር ማሽኑ ላይ አስደግፋ በብርሃን ስታይ ቆየችና «አንዱ ስፌት ላልቶ ወጥቷል» አለች። እኔም ከወንበሬ ሳልነሳ ትናንት በወረንጦ እንደሳብኩት ተናገርኩ።

ዶክተሯ ከማሽኑ ቀና አለች። «ሳቡት?»

«ትንሽ።»

«ምን ያህል ትንሽ፣ እማማ?»

«ነጩ ቆዳ ብድግ እስኪል።»

አልተቆጣችም። በብርቱካናማ ቀለም የተነከረች ቀጭን ወረቀት የእህቴ ዓይን ላይ ነካ አደረገችና መብራቱን ወደ ሰማያዊ ቀየረችው። ቁስሉ ተከፍቶ ከውስጥ ውሃ የሚወጣ ከሆነ ቀለሙን እያጠበ ሲወርድ ይታየኛል አለች። ከዚያ ረዥም ጊዜ አየች። የእህቴ እጅ የማሽኑን ብረት ጨብጧል። እኔ የራሴን እጅ አየሁት።

«አልፈሰሰም» አለች ዶክተሯ። «ቁስሉ ጠግጓል። አምላክ ይወድዎታል፣ እማማ።»

«እሷን ነው እንጂ» አልኩ።

የሚያደነዝዝ ጠብታ ጨመረች፤ ቀጥላም ተህዋስያን የሚገድል ጠብታ። እየሠራች ታስረዳን ነበር። ሲሰፉ ቋጠሮውን አዙረው ሥጋው ውስጥ ይቀብሩታል፤ ክሩ ሲላላ ግን ወደ ላይ ይወጣል፣ ያኔ ይወጋል።

«እኛም ቋጠሮውን ወደ ጀርባ ነበር የምንወስደው» አልኩ ሳላስበው።

«የት?»

«ጨርቅ ላይ። ፋብሪካ።»

ከዚያ በኋላ ለሥራ ባልደረባ እንደሚነገር ነገረችኝ። ውጭ የቆየው የክሩ ክፍል ቆሻሻ ይዟል። ዝም ተብሎ ከተሳበ ያ ቆሻሻ ዓይኑ ውስጥ አልፎ ነው የሚወጣው። ስለዚህ ከአንድ ጫፍ አጠገብ በመርፌ ስለት ይቆረጥና ውጭ የነበረው ወደ ውስጥ ሳይገባ ይወጣል። ነገሩ እሷ ከተናገረችበት ጊዜ ባጠረ አለቀ። ክሩን ጓንቷ ላይ አድርጋ አሳየችን። እኔ መነጽሬን አድርጌ በጭንቅ አየሁት፤ ከፀጉር በጣም ይቀጥናል።

«ይቺ ናት?» አለች እህቴ። «እኔ እኮ የድንኳን ካስማ መስሎኝ!»

ዶክተሯ ሳቀች። ከቀሩት ሁለቱ አንዱ ደግሞ ጠብቋል አለች፤ ዓይኗን ወደ አንድ ጎን ስለሚጎትተው ስታነብ ፊደል ተጋደመብኝ የምትለው ለዚህ ነው። የጠበቀ ክር ጨርቅ ያኮማትራል፤ ይህን ማንም ሳይነግረኝ አውቀዋለሁ። እሱንም አወጣችላት። ሦስተኛው ሁለት ሳምንት ይቆይ አለች። ስንወጣ ለእኔ አንድ ነገር ጨመረች፤ ፀጉር የበቀለባቸው ሴቶች ከመጡብኝ ነቅዬ ብቻ ሳልሸኛቸው ወደዚያ እንድልካቸው። እልካቸዋለሁ። አሁን የትኛዋም ሴት ደጄ ስትመጣ መጀመሪያ የምጠይቃት ዓይኗን ተሰፍታ ታውቅ እንደሆነ ነው። አንዳንዷ ይህን ስትሰማ ትስቃለች።

ያን ቀን አቦ ሳንሄድ ቀረን። እህቴ ለዚህ ይቅርታ አላደረገችልኝም፤ ለመሳቤ ግን አንድም ቀን አንስታብኝ አታውቅም።

ከሁለት ሳምንት በኋላ ሦስተኛውም ወጣ። መቅላቱ ጠፍቷል። ግድግዳው ላይ የተሰቀለውን ፊደል ከላይ ጀምራ ወርዳ ወርዳ፣ ዶክተሯ «ይበቃል» እስክትላት አነበበችው። ከዚያ ወጥተን ታክሲ ጥበቃ ቆምን። እኔ እግሬን አሞኝ ስለነበር የመጀመሪያው እንደመጣ ልገባ ስል ነጠላዬን ይዛ ወደ ኋላ ጎተተችኝ።

«ወዴት ነው?»

«ቤት ነዋ።»

«ይሄ ቱሉ ዲምቱ ነው የሚሄደው። ታፔላውን አታይም? የቃሊቲው ያ ከኋላ ያለው ነው።»

አየሁ። እውነቷን ነበር። ያ ከኋላ ያለው ላይ ወጣን፤ መስኮቱን እሷ ያዘች። ከተነሳንበት ጀምሮ በመንገዱ ዳር የተጻፈውን ሁሉ ድምፅዋን ከፍ አድርጋ ታነባለች። ጎማ ጥገና። የሚከራይ ሱቅ። ብሎኬት እናመርታለን። እዚህ መሽናት ክልክል ነው።

ፊት ለፊታችን የተቀመጠ ሰውዬ ዞር አለ። «እማማ፣ ማስታወቂያ ቤት ነው እንዴ የሚሠሩት?»

«ታገሥ፣ ልጄ፤ ገና ቃሊቲ እንኳ አልደረስኩም» አለችው።

ተሳፋሪው ሳቀ። በሌላ ጊዜ ቢሆን በክርኔ ጎሸም አድርጌ ዝም አስብላት ነበር። ያን ዕለት አላደረግሁትም። እስክንወርድ ድረስ አነበበች።