መውጫው በር ላይ
ሁልጊዜ ቀትር ላይ የሚመጡ አንዲት ሴት አሉ። የሆስፒታል አስታማሚ ሰደርያቸውን ሳያወልቁ ጥጉ ላይ ይቀመጡና የማንበቢያ መነጽራቸውን አድርገው የተኩስ ጨዋታውን ይከፍታሉ። እኔ ለተጫዋቾች ራምዮን የሚባለውን የኮሪያ ፓስታ በምቀቅልበት በዚህ የዴጉ ከተማ ጌም ቤት እንደሳቸው የሚጫወት አላየሁም። አይሮጡም። ኮቴ ሲሰሙ መሬት ላይ በደረታቸው ይተኛሉ፤ ሌላው ሲታኮስ እሳቸው ዕቃ እየለቀሙ ቦርሳቸውን ይሞላሉ፤ ከሁሉም ቀድመው የጨዋታው መውጫ በር ይደርሳሉ።

ከዚያ ግን አይወጡም። ሰዓቱ ሳያልቅ ያልወጣ የሰበሰበውን ሁሉ ያጣል፤ እሳቸው ጀርባቸውን ለበሩ ሰጥተው መንገዱን ያያሉ።

ትናንት አጠገባቸው የተቀመጠው ተማሪ ዱሆ አላስቻለውም።

«እትዬ፣ ሃያ ሰከንድ ቀረ እኮ። ይሄን ሁሉ ዕቃ ለማን ሊያወርሱት ነው?»

«ልጄ መጨረሻ ላይ ነው እየሮጠ የሚመጣው» አሉ ዓይናቸውን ከስክሪኑ ሳያነሱ። «ትቼው ከወጣሁ ያኮርፋል።»

ዱሆ ስክሪናቸውን አየ። የጓደኞች ዝርዝር ውስጥ ያለው አንድ ስም ብቻ ነው፤ ከሥሩ «ለመጨረሻ ጊዜ የገባው ከሦስት ዓመት በፊት» ይላል።

ሰዓቱ አለቀ፤ ቦርሳው ባዶ ሆነ። እሳቸው የቀቀልኩላቸውን ራምዮን ገፋ አድርገው እንደገና ጀመሩ። ዱሆም የራሱን ጨዋታ ዘጋና አብሯቸው ገባ።

«በየት በኩል ነው የሚመጣው?» አላቸው።

«በድልድዩ በኩል።»