ለፊልም የተጠራ ለቅሶ

የፊልም ተዋናይነት ሥራ የጀመርኩት ውኃ በመሸከም ነው። የመጀመሪያው ቀን ትእዛዝ ቀላል ነበር። እንስራ አዝዬ ከቀርከሃው ጫካ መውጣት፣ ሣሩ ውስጥ እስከተቀመጠችው ድንጋይ ድረስ መሄድ፣ እዚያ ቆሜ ወደ ኋላ ዞር ማለት። ካሜራውን ማየት ክልክል ነው። እኔ ግን በሄድኩ ቁጥር አየሁት።

አዘጋጁ ዮናስ ይባላል፤ ከአዲስ አበባ የመጣ ቀጭን፣ ድምፁን ከፍ የማያደርግ ሰው ነበር።

«ዘይነባ፣ ካሜራውን እንደ ዛፍ ቁጠሪው» አለኝ።

«ዛፍ እንዲህ አያፈጥብኝም» አልኩት።

ካሜራማኑ ካሣ ሳቀ። ከዚያ ጠጋ ብሎ፣ ከካሜራው ማዶ አንድ ነገር እንድመርጥና እሱን እያየሁ እንድመጣ ነገረኝ። ራቅ ብላ የቆመች የማንጎ ዛፍ መረጥኩ። እሷን እያየሁ ስመጣ ካሜራውን ረሳሁት። ዛሬም የምሠራው እንደዚያው ነው።

በሰባ ሰባቱ ድርቅ ከወሎ ተነሥተው አሶሳ ከሰፈሩት ውስጥ እኔና እናቴ አለንበት። መንደራችን ስም አልነበራትም፤ በቁጥር ነበር የምትጠራው። እኔ በሰፈራ ጣቢያው የኪነት ቡድን ውስጥ ገባሁ። እንግዳ ሲመጣ እንጨፍራለን፤ ስለ ምርትም አጫጭር ድራማ እንሠራለን። ዮናስ መጀመሪያ የመጣው ከመንግሥት የፊልም ቡድን ጋር ትራክተር ሊቀርጽ ነው። እኔንም ያየኝ ያን ጊዜ፣ ከድራማዎቹ በአንዱ ስሠራ ነው።

ሲመለስ ግን ማንም አልላከውም። የዓመት ፈቃዱን ወስዶ፣ ካሜራ ከጓደኛው ተውሶ፣ ራሱ የጻፈውን ድርሰት ይዞ መጣ። የጣቢያው ኃላፊ ሰፋሪው ቤት ሲሠራና ሲያርስ በደንብ እንዲታይ አሳስቦ ፈቀደለት።

ታሪኩ አጭር ነው። አንዲት ሰፋሪ ሕፃን ታቅፋ ወደ አዲሱ አገር ትመጣለች። ልጁ በወባ ይሞትባታል። ከዚያ የአገሩ ተወላጅ የሆነች ጎረቤቷ ትጠጋታለች፤ አገሩን ታለምዳታለች። ሰፋሪዋ እኔ ነኝ።

ጎረቤቷን የሠራችው ሃዋ ነበረች። ከወንዙ ማዶ ካለው የበርታ መንደር ነው የመጣችው። አማርኛ የለመደችው ገበያ ላይ ስለሆነ ወንዱንም ሴቱንም «አንተ» ነበር የምትለው። በድርሰቱ ትከሻዬን ይዛ የምታጽናናኝ ቦታ አለ።

«አንተ አታልቅስ፤ እኔ አለሁ» ትለኛለች።

«አንቺ አታልቅሺ» ብሎ ዮናስ ያርማታል።

«ጠይብ፣ እሺ። አንቺ አታልቅስ» ትላለች።

ብዙ ከሞከረ በኋላ ዮናስ ተወው። «ሃዋ የምትናገረው እንዲህ ነው። ሰውም እንዲሁ ይስማት» አለ።

የፊልም ጥቅሉ ጥቂት ስለነበር ልምምዱ ብዙ፣ ቀረጻው አንድ ጊዜ ነበር። ትዕይንቶቹም በታሪኩ ቅደም ተከተል አይቀረጹም። ጠዋት ልጄ ከሞተ በኋላ ያለውን ሠርተን፣ ከሰዓት ሳጠባው እንቀርጻለን። ስለዚህ ሁሉን ማስታወስ የተዋናይዋ ሥራ ነው። ትናንት ነጠላዬ በግራ ትከሻዬ ከተጣፋ ዛሬም በግራ ነው። እጄ ጭቃ ነክቶት ከነበረ መልሼ ጭቃ እነካለሁ።

ሕፃኑ በጨርቅ የተጠቀለለ ቀርከሃ ነበር። ካሣ በሌንሱ አይቶ ጭንቅላቱን ነቀነቀ። «ቀሎሻል፤ ክንድሽ ያስታውቃል» አለና ቀርከሃው ውስጥ አሸዋ ሞላበት። ከዚያ በኋላ ትከሻዬ ራሱ ወደ አንድ ጎን ዘመም አለ። ለማስመሰል ማሰብ አላስፈለገኝም።

ችግር የመጣው የለቅሶው ትዕይንት ሲደርስ ነው። የሚቀረጸው በቤታችን ደጃፍ ስለሆነ በዋዜማው ለእናቴ ነገርኳት። ማሽላ እየለቀመች ነበር፤ እጇን አቆመች።

«ማን ሞቶ ነው የምታለቅሺው?»

«ፊልም ነው፣ እማ።»

«ፊልም ቢባልም ሟርት ሟርት ነው። በኔ ደጃፍ ማንም ሳይሞት ለቅሶ አይጠራም።»

ለምን እንዲያ እንዳለች አውቅ ነበር። ታናሽ ወንድሜ እንድሪስ የሞተው መጠለያ ውስጥ ነው፤ ወደ አሶሳ በጫኑን ቀን ጠዋት። ሌሎች ሰዎች ቀበሩት፤ እኛ መኪና ላይ ወጣን። እዚህ ስንደርስ ምንጣሮው ነበር፣ ቤት ሥራው ነበር፣ ወባው ነበር። እናቴ ለልጇ ለቅሶ አልተቀመጠችም። ስሙንም አንሥታ አታውቅም።

ጠዋት ለዮናስ ነገርኩት። አልተከራከረም። ወደ ቤታችን ሄዶ ደጃፉ ላይ ቆመ።

«እማማ ጦይባ፣ ዘይነባ ነግራኛለች። ትዕይንቱን ትቼዋለሁ» አላት።

«ፊልምህ አይበላሽም?»

«ይጎድላል እንጂ አይበላሽም።»

ተሰናብቷትም ሄደ። ያን ቀን ቤት ሲከደን ቀረጽን። ሥራው ግን ከበደኝ። የሰፋሪዋን ሐዘን ሳልሠራ ቀሪውን እንዴት እንደምሠራው አላውቅም ነበር፤ እናቴንም ልለምናት አልፈለግሁም።

በማግስቱ ውኃ ልቀዳ ስወጣ እናቴ ራሷ ተከተለችኝ።

«ያ ፊልሙ ላይ የሚሞተው ልጅ ስሙ ማነው?» አለችኝ።

«ስም የለውም። ድርሰቱ ላይ ልጁ ነው የሚለው።»

ትንሽ ከሄድን በኋላ «እንድሪስ በሉት» አለች። «ጎረቤት ይጠራ። ሴቶቹ ይምጡ። እንደ ደንቡ ይሁን።»

ለዮናስ ነገርኩት። እሱም ካሣን ጠርቶ ካሜራውን ከደጃፋችን ራቅ አድርጎ እንዲተክል፣ ማንንም እንዳያስጠጋ ነገረው።

ሴቶቹ ከእርሻ ሲመለሱ መጡ። ነጠላቸውን አዘቅዝቀው ሣሩ ላይ ተቀመጡ። እኔ በድርሰቱ መሠረት መካከል ላይ ሆኜ መጀመር ነበረብኝ፤ አፌን ስከፍት የቀደመችኝ እናቴ ናት።

«እንድሪስ፣ አፈር ሳላለብስህ የሄድኩት እኔ እናትህ ነኝ» አለች።

ከዚያ ሁላችንም አለቀስን። አንዷ ባሏን ጠራች፤ አንዷ እናቷን፤ አንዷ መንገድ ላይ የቀሩ መንታ ልጆቿን። ያን ያህል ሰው በዚያች መንደር እንዳዘነ አላውቅም ነበር። ትወናውን የተውኩት የት ላይ እንደሆነ አላስታውስም።

የካሜራው ድምፅ ተቋረጠ፤ ጥቅሉ አልቆ ነበር። ካሣ ሌላ ሊያስገባ ሣጥኑን ሲከፍት ዮናስ እጁን ያዘው። ሁለቱም ለቅሶ የመጡት ወንዶች ካሉበት ሄደው ተቀመጡ።

ሃዋ የምትገባበት ሰዓት ደረሰ። መጣች፤ የተለማመደችውን ግን አልተናገረችም። ከእኔ አልፋ እናቴ አጠገብ ተቀመጠች።

«አላህ ይርሃሙ» አለቻት።

«አሚን» አለች እናቴ።

ጩኸቱን ሰምቶ የጣቢያው ኃላፊ መጣ። «ማን ነው የሞተው? ለምን አልተነገረኝም?» ብሎ ጠየቀ።

«ልጄ ነው» አለች እናቴ።

«መቼ?»

«ከመምጣታችን በፊት።»

ኃላፊው ሴቶቹን አየ፤ ካሜራውን አየ። ከዚያ ዮናስን ወደ ጎን ጠርቶ «ይህ ፊልምህ ውስጥ እንዳይገባ» አለውና ሄደ። ለቅሶውን ግን አልበተነም።

ሰው ሲበተን ዮናስ ወደ እናቴ መጣ። ካሜራው ቢያቆምም የድምፅ መቅጃው አልቆመም ነበር፤ ለቅሶው እስከ መጨረሻው ተቀድቷል።

«ከፈለጉ አሁን እዚሁ አጠፋዋለሁ» አላት።

«ተወው፤ ይሰማ» አለችው።

ቀሪውን በቀላሉ ጨረስን። እናቴ ከዚያ ቀን ጀምሮ የወንድሜን ስም ትጠራ ጀመር፤ ማንጎ ስትበላ፣ «እንድሪስ ቢኖር ይወደው ነበር» ትላለች።

ዮናስ አዲስ አበባ ላይ ፊልሙን አቀናብሮ ለሳንሱር መርማሪዎች አሳየ። ለቅሶውን አውጣ አሉት። አላወጣም፤ ፊልሙም አልታየም። መንግሥት ከተለወጠ በኋላ በአንዲት ትንሽ አዳራሽ ሲያሳየው እኔ አዲስ አበባ ገብቼ ሥራ እፈልግ ነበር። የለቅሶው ምስል ጥቂት ቆይቶ ያልቃል፤ ከዚያ በኋላ የሚታየው ቀርከሃው ብቻ ነው፤ ድምፃችን ግን ይቀጥላል። አዳራሹ ውስጥ የነበርነው ጥቂት ሰዎች ነን። ማንም ከወንበሩ አልተነሣም።

እናቴን መጥታ እንድታየው ለመንኳት። «ምን አያለሁ? እዚያው ነበርኩ» አለችኝ።

ከዚያ ወዲህ የሠራሁት አብዛኛው የግል ፊልም ነው። ልብሱ ከቤቴ፣ ምሳው ከአዘጋጁ ቤት የሚመጣበት ዓይነት። ጎረቤት፣ አክስት፣ የቤት ሠራተኛ፣ እናት ሆኜ ሠርቻለሁ። አንድ ጊዜ ጎበዝ የሆነ ወጣት አዘጋጅ ጎርፍ ሰው በወሰደበት ሰፈር ለቅሶ ሊቀርጽ አሰበ። ቦታው ለካሜራ የተመቸ ነበር። ነዋሪዎቹን እንጠይቅ አልኩትና ጠየቅን። አልፈለጉም። ዕቃችንን ጭነን ሌላ ቦታ ሄድን፤ ትዕይንቱ ትንሽ ደከመ፤ ፊልሙ ግን አለቀ።

ለአዳዲስ ተዋንያን የምነግራቸው ይህንን ነው። ሰው ባዘነበት ቦታ ሐዘን ከመሥራታችሁ በፊት ባለቤቶቹን አስፈቅዱ። እምቢ ካሉ ተዉት።