የገጣሚው ባለቤት ፊርማ

ምሁሩ የሟቹን ገጣሚ የሕይወት ታሪክ መጻፍ ሲጀምር ጸጉሩ እንደ ከሰል ጥቁር ነበር፤ ዛሬ ጥቁር ሆኖ የቀረለት ካልሲው ብቻ ነው። አሥራ ዘጠኝ ዓመት የለፋበት መጽሐፍ ያለ ገጣሚው ባለቤት ፊርማ አይታተምም። ሴትየዋ ደግሞ በየሳምንቱ ሳሎናቸው አስቀምጠው አንድ ነገር ያሰርዙታል። መጀመሪያ የባላቸውን መጠጥ፣ ቀጥሎ ጓደኞቹን በሙሉ አሰረዙት፤ ዛሬ ተራው የመጀመሪያ ሚስቱ ሆነ።

«እትዬ፣ የፍቅር ግጥሞቹ እኮ ለእሷ የተጻፉ ናቸው!»

«ለእኔ ነው ብለህ ጻፋ።»

«ያኔ እርስዎ የአራት ዓመት ልጅ ነበሩ።»

«እሱ ያንተ ጣጣ ነው። ምሁር አይደለህ እንዴ? አስተካክለው!»

 ምሁሩ ተነስቶ እንዳይሄድ፣ የገዛ ሚስቱ ጠዋት ቤታቸው በር ላይ ቆማ «ዛሬ ሳታስፈርም እንዳትመጣ፤ ካልፈረመችልህ እዚያው ገጣሚህ ጋ እደር!» ብላዋለች። እንዳይጽፈው ደግሞ ውሸት ነው። ሴትየዋ የፊርማውን ወረቀት ጉልበታቸው ላይ ዘርግተው ይጠብቁታል።

ምሁሩ እርሳሱን አነሳና አንገቱን ደፋ።

«እሺ እትዬ፣ መቼ ቢወለዱ ይሻልዎታል?»