ሦስተኛው ክስ

ያስገቡኝ ክፍል የእህል መጋዘን ነበር። ግድግዳው ላይ በከሰል የተጻፈ የጆንያ ቁጥር አለ፤ ወለሉ ቢጠረግ ቢጠረግ የማሽላ ፍሬ አያጣም። ከላይ ባለችው አንዲት መስኮት የሐይቁ ነፋስ ይገባል። ከሐይቅ ከተማ ብዙም አልራቅንም፤ ወደ ወልዲያና ወደ ደሴ የሚሄዱት ሚኒባሶች ጡሩምባ ይሰማናል። ሰው ወደ ቤቱ እየሄደ ነው ማለት ነው። ይህን ማሰብ ከቁንጫው ይብስብኝ ነበር።

ያለመከሰስ መብቴ እንዳልተነሣ ለመርማሪው ነግሬው ነበር። «ይደርሳል» አለኝ፣ መንገድ ላይ የዘገየ ጭነት እንደሚጠብቅ ሰው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ከአምባሰል ተመርጬ ምክር ቤት ገብቻለሁ። በሐይቁ ዳር የሚያርሱ ገበሬዎችን ከመሬታቸው የሚያስነሣ ውሳኔ ሲቀርብ፣ ፓርቲዬ እጅህን አውጣ ቢለኝ አላወጣሁም። በሳምንቱ ከፓርቲው ለቀቅሁ። ፓርቲው ወንበሩንም መልስ አለኝ። ሕጉ ግን እንዲያ አይልም። ፓርቲውን የተወ ተመራጭ ወንበሩን ያጣል የሚል አንቀጽ የለም፤ ተመራጭን ማውረድ የሚችለው አመኔታ ያጣበት መራጭ ብቻ ነው። ያን አንቀጽ እንደ ዳዊት በቃሌ ይዤው ነበር። እነሱም ያውቁታል፤ ስለዚህ የመራጭ ፊርማ ማሰባሰብ ጀመሩ።

በክፍሉ ውስጥ አንድ ሰው ብቻ አገኘሁ። ጺማቸውን ሒና የነካው ሽማግሌ ናቸው፤ ጠባቂዎቹም ሸሁ ይሏቸዋል። የአምባሰል ገበሬ ናቸው። የታሰሩት በስብሰባ ላይ ተነሥተው፣ ዝናቡ ካለፈ በኋላ የሚመጣ ማዳበሪያ ለማን ነው ብለው በመጠየቃቸው ነው። ቁርአን ቀርተው ተምረዋል፤ የአማርኛ ፊደል ግን አይለዩም። ማን እንደሆንሁ ስነግራቸው ከእግር እስከ ራሴ አዩኝ።

«አልመረጥሁህም» አሉ። «ያኛውን ተወዳዳሪህን ነው የመረጥሁት።» ከዚያ ከቂጣቸው ግማሹን ቆርሰው ሰጡኝ። «እንካ፣ አብሽር።»

ባለቤታቸው በጠና ታመው ነበር። ምግብ የምታመጣው ሴት ልጃቸው በበሩ ስንጥቅ ስለ እናቷ ትነግራቸዋለች። አንድ ቀን ውሃ ጠጣች ትላለች፤ በማግሥቱ አልጠጣችም ትላለች። ሸሁ የሚለምኑት አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ ሳታልፍ ልድረስባት። ማዳበሪያውንም፣ መንግሥትንም፣ እኔንም ረስተዋል።

በአምስተኛው ቀን ረፋድ ላይ መርማሪው ወረቀትና የማኅተም ቀለም ይዞ ገባ። አሻራቸውን ካኖሩ ዛሬውኑ ቤታቸው እንደሚገቡ ነገራቸው። ምን ይላል ቢሉት የመራጮች አቤቱታ ነው አለ። እንግዲያው ይነበብልኝ አሉ። መርማሪው ወረቀቱን አየ፤ እኔን አየ፤ ከዚያ ወረቀቱን ወደኔ ወረወረው።

«ራሱ ያንብብልዎት» ብሎ ሳቀ።

አቤቱታው እኔን ለማውረድ ነበር። ሦስት ክስ አለው። መጀመሪያ የመጣልኝ ሐሳብ አለዝቤ ማንበብ ነው፤ ሸሁ ቅር ሳይላቸው ፈርመው ወደ ሕመምተኛቸው እንዲሄዱ። ቀጥሎ የመጣልኝ ሐሳብ ያሳፍረኛል፤ ሦስተኛውን ክስ መዝለል ነበር። ሁለቱንም ትቼ ቃል በቃል አነበብሁ።

አንደኛው ከፀረ ሰላም ኃይሎች ጋር ይገናኛል ይላል። እውነት ነው ወይ ብለው ጠየቁኝ። ውሸት ነው አልሁ። ሁለተኛው የመረጠውን ሕዝብ ክዷል ይላል። አልካድሁም አልሁ። ሦስተኛው፣ ከተመረጠ ጀምሮ አንድ ቀን ተመልሶ መራጩን አልጠየቀም ይላል።

«ይችስ?» አሉ ሸሁ።

ሁለት ዓመት ሙሉ ሚኒባሶቹ በሚሄዱበት መንገድ ስመላለስ፣ የአምባሰልን ተራራ በመኪና መስታወት ነበር የማየው። ስብሰባ አለብኝ፣ ሪፖርት አለብኝ እያልሁ።

«ይችስ እውነት ናት» አልሁ።

«ከፓርቲህ የወጣህበትን ነገር እኮ እዚህ ታስሬ ነው የሰማሁት» አሉ። አልተቆጡም። ቢቆጡኝ ይሻለኝ ነበር።

እንዲፈርሙ ለመንኋቸው። ተመራጭን ማውረድ መብታቸው እንደሆነ፣ እንደማልቀየማቸው፣ ባለቤታቸው እየጠበቋቸው መሆኑን ነገርኋቸው። ከልቤ ነበር። ሸሁ አውራ ጣታቸውን አገላብጠው አዩት።

«ሦስተኛዋ ብቻዋን ብትሆን ወላሂ እፈርም ነበር። በሁለቱ ውሸት ግን እንዴት ልመስክር? የቂያማ ቀን ይች እጅ ራሷ ትናገራለች እኮ፣ ልጄ።»

እጃቸውን ጋቢያቸው ውስጥ ከተቱ። መርማሪው የቀለሙን ክዳን ገጥሞ ወጣ።

በሰባተኛው ቀን ልጅቱ መጣች፤ ምግብ አልያዘችም። በበሩ ስንጥቅም ምንም አልተናገረችም፤ ቆመች እንጂ። ሸሁ «ኢና ሊላሂ» አሉና ግድግዳውን ይዘው ቁጭ አሉ። ጠባቂውን ለቀብር እንኳ ልቀቋቸው ብዬ ለመንሁት። ትእዛዝ የለኝም አለ።

ውዱእ እንዲያደርጉ ከጀሪካኑ ውሃ አፈሰስሁላቸው። ሳያጎነብሱ፣ ቆመው እንዳሉ የሙት ሶላት ሰገዱላት። ክርስቲያን ስለሆንሁ ወደ ጥግ ልሸሽ ስል «አጠገቤ ቁም» አሉኝ። ጫማዬን አውልቄ አጠገባቸው ቆምሁ። ከሐይቁ በኩል ነፋሱ ይገባል።

ወረቀቱ በሌሎች ሰዎች ጣት ሞላ፤ ወረድሁ። ከወራት በኋላ ስፈታ ይግባኝ ጠየቅሁ። ጠበቃዬ ሦስቱንም ክሶች እንካድ አለኝ። ሁለቱን ተከራከርልኝ፣ ሦስተኛውን ተወው አልሁት። ይግባኙ አልተሳካም።

ከዚያ ለለቅሶ ወደ ሸሁ ቤት ወጣሁ። ቀድመውኝ ተፈትተው ነበር። ገና ሳልቀመጥ ጎረቤቱን አስጠሩ። «ተመራጫችሁ መጥቷል፤ ያላችሁን ጠይቁት» አሏቸው።

«ሸሁ፣ እኔ እኮ ወርጃለሁ» አልሁ።

«ማን አወረደህ? እኔ አልፈረምሁም።»

እስከ ዐሥር ሰዓት ጠየቁኝ፤ የማውቀውን መለስሁ፤ ለማላውቀው አላውቅም አልሁ። ሰዉ ሲበተን ሸሁ ባለቤታቸው ተኝተውበት በነበረው መደብ ጫፍ ላይ ተቀምጠው ቀሩ። አንጥፈውላቸው የነበረው ሸራ ተጠቅልሎ ራስጌው ጋ ተቀምጧል።

«ያን ቀን አለዝበህ ብታነብልኝ፣ ፈርሜ እደርስባት ነበር» አሉ።

«አውቃለሁ፣ ሸሁ።»

እንኳንም አላለዘብህ ይሉኛል ብዬ ጠበቅሁ። አላሉም። ተነሥተው እስከ መንገዱ ሸኙኝ።

ዛሬም ወንበር ሳይኖረኝ በየወሩ ወደዚያ ቤት እወጣለሁ። ሰዉ ይጠይቀኛል፤ እመልሳለሁ። ያችን «እንኳንም» ግን እስካሁን አልሰማኋትም።