አሁን የወጡ እንግዶች

ሰቆጣ በተከራየንበት ግቢ፣ የጥጓን ክፍል ብቻዋን የያዘችው ከጎጃም ተመድባ የመጣች የመንግሥት ሠራተኛ ናት። ስሟን የጠየቃት የለም። ደመወዝ በወጣ ቁጥር ግን አንድ ዕቃ በተሸካሚ ስታስገባ እናያለን፤ ሶፋ፣ ብርጭቆ የሞላው ቡፌ፣ መብራት በጠፋበት ሰሞን እንኳ ስትወለውለው የምትውለው ፍሪጅ። የሶፋውን ላስቲክ እስካሁን አላነሳችለትም። የምትለብሰው ሹራብ ግን ክርኑ የተጣፈ ነው።

ከሥራ ስትመለስ ጫማዋን ደጃፍ ላይ ታወልቅና በሩን ከፍታ «እንደምን ዋላችሁ?» እያለች ትገባለች።

ትናንት ይህን የሰሙት አከራያችን ወይዘሮ ቦሰና ቤቷ እንግዳ ያለ መሰላቸው። የጎረቤት እንግዳ ዝም ተብሎ አይታለፍምና ማር በሳህን ይዘው አንኳኩ።

«እንግዶችሽ ይቅመሱልኝ፣ ልጄ።»

ወጣችና በሩን ከኋላዋ ገርበብ አደረገችው። ወይዘሮ ቦሰና ግን በክፍተቱ አይተዋል፤ ላስቲኩ ላይ የተቀመጠ ሰው የለም።

«አሁን... አሁን ወጡ» አለች። ጆሮዋ ሳይቀር ቀላ።

የግቢያችን በር አንድ ነው፤ እኛም ከቀትር ጀምሮ እዚያው በሩ ሥር ተቀምጠን ነበር። የወጣ ሰው የለም። ሁላችንም አንገታችንን ደፋን፤ ቀና ብሎ ሊያያት የደፈረ አልነበረም።

ወይዘሮ ቦሰና ሳህኑን እጇ ላይ አኖሩላት።

«እንግዲያ መንገዳቸውን ጨርቅ ያድርግላቸው» አሉ።

እሷም ሳህኑን በሁለት እጇ እንደያዘች፣ በእንግዶቿ ፈንታ «አሜን» አለች።