ባሕሩ ለሺራዝ፣ ጭሱ ለድንቄ

ድንቄ የሃይፋ ወደብ ቢሮዎችን መስታወት ስትወለውል ትውልና በእረፍቷ ስልኳን ትከፍታለች። የአክስቷ ልጅ ሺራዝ፣ ሰው በረሃብና በጥም ደሴት ላይ በሚፈተንበት የቴሌቪዥን ውድድር ትታያለች። በዚያች በተሰነጠቀች ስልክ ባሕሩ ሰማያዊ፣ አሸዋው ነጭ፣ ሺራዝም ለሽርሽር የሄደች ትመስላለች።

«ይሄ ነው መከራው? እኔ በነጻ እራብ ነበር!» ትላለች ድንቄ።

አምና ለውድድሩ የተመዘገቡት አብረው ነበር። ድንቄ ሺራዝን ክርያት ያም ባሕር ዳርቻ፣ በማለዳ ፀሐይ፣ ማዕበሉን ከኋላዋ አድርጋ ቀረጸቻት። ሺራዝ ግን ድንቄን ከሥራ ስትወጣ የፋብሪካ ጭስ ማውጫ ሥር አቁማ ቀረጸቻት፤ ምስሉም ጉም የዋጠው ሆነ። አንዷ ተጠራች፣ አንዷ ቀረች። «ሆን ብላ ነው» የሚለው ነገር ከድንቄ ልብ አልወጣም። ዘንድሮ እንደገና ልትሞክር ነው፤ ቪዲዮ መላኪያው ዛሬ ፀሐይ ሳትጠልቅ ያበቃል።

ከሥራ ስትወጣ አክስቷ እትዬ ሙሉእመቤት ደወሉ። «ነይልኝ ልጄ፣ ከጠዋት ጀምሮ እህል አልወርድ አለኝ። ሺራዝ አልበላችም።»

ስትደርስ ሺራዝ ሶፋው ላይ ተዘርጥጣ ዳቦዋን ትገምጣለች። ቀረጻው ካለቀ ወራት አልፎታል።

«እማ፣ ይኸው እዚህ ነኝ! ጠገብኩ!»

«አንቺ ጠግበሻል፤ ያቺ ናት ያልበላችው» አሉ እናቷ፣ ግድግዳ ወደሞላው አዲስ ቴሌቪዥን እያመለከቱ።

ድንቄ ቀና ብላ አየች። የሺራዝ ከንፈር ተሰነጣጥቆ ደም ቋጥሯል፤ ትንኝ የበላው እግሯ አብጧል። ይሄ ሁሉ በስልኳ አልታየም ነበር። ራራችላት። ወዲያው ደግሞ «ለማልቀስ እንኳ የሚያምር ቦታ አገኘች» ብላ ቀናች።

«እኔን ለምን ጭስ ማውጫ ሥር አቆምሽኝ?» አመለጣት።

«ልጄን ከሕፃናት መዋያ ላምጣ ብለሽ የቸኮልሽው አንቺ! ጉሙም የስልክሽ ነው፤ በሳሙና እጅሽ እየነካካሽው» አለች ሺራዝ።

ድንቄ ስልኳን ገለበጠችው። እውነትም የካሜራው ዓይን ሳሙና ደርቆበታል። የወደቡን መስታወት ሁሉ የምታበራ ሴት ይቺን አንድ ነጥብ ጠርጋ አታውቅም! በእጅጌዋ ወለወለቻት።

«ቤሰደር፣ እሺ፣ አምጪው ልቅረጽሽ» አለች ሺራዝ።

«አንቺ? አላምንሽም። አክስቴ፣ አንቱ ይቅረጹኝ።»

በረንዳ ላይ ወጡ። ከኋላዋ የተሰጣ ልብስ፣ ከልብሱ ማዶ ያው ጭስ ማውጫ።

«ድንቄ እባላለሁ። ረሃብ አልፈራም፣ ድካም…»

«ረሃብ?» አሉ እትዬ ሙሉእመቤት ከስልኩ ጀርባ። «አንቺም ልትራቢብኝ ነው? ቆይ፣ መጀመሪያ ጉረሺ!»

ዳቦ የያዘ እጃቸው ምስሉ ውስጥ ዘው አለ። ድንቄ አፏ እንደሞላ በሳቅ ፈነዳች። የተረፈችውን ቁራሽ አክስቷ ሳያውቁት ራሳቸው ጎረሷት።

ሺራዝ ቪዲዮውን አየችው፤ ደግማ አየችው። ከንፈሯን አሞጠሞጠች።

«እኔን እኮ እንዲህ አጉርሰሽ አልቀረጽሽኝም፣ እማ።»

ድንቄ ያችን የቅናት ፊት ታውቃታለች፤ ዓመቱን ሙሉ በወደቡ መስታወት ላይ ስታያት ከርማለች። ፀሐይዋ ባሕሩን ሳትነካ ቪዲዮውን ላከችው።