የአስናቀች ይቅርታ

አስናቀችን ቂመኛ ናት ይሏታል። ይበሏት። ካይሮ፣ ሐዳይቅ አል-መዓዲ ሰፈር አንድ ክፍል ተጋርቻት የምኖረው እኔ ነኝ፤ የማውቀውን ልናገርና ፍርዱ የእናንተ ይሁን።

አገር ቤት የወረዳ መሬት ባለሙያ ነበረች። ገበሬ በድንበር ሲጣላ ሜትር ይዛ መሀል የምትገባው እሷ ናት። የመንግሥት ሠራተኛ የትምህርት ማስረጃ ይጣራ ሲባል ግን «ዲፕሎማሽ ሐሰተኛ ነው» ብለው አባረሯት። የተማረችበት ኮሌጅ ተዘግቷል። ስትቀጠር ኮሌጁ አሽጎ የላከው ማረጋገጫ ደግሞ ከፋይሏ የለም። ያን ፖስታ የተረከበው የሠራተኛ አስተዳደር ኃላፊው ይትባረክ ነበር። ሲጠየቅ «አልደረሰኝም» አለ። ብዙም ሳይቆይ በአስናቀች ወንበር ላይ የሚስቱ እህት ተቀመጠች።

ወንድሟ በውክልና መሥሪያ ቤቱን ከሰሰላት፤ እሷ ካይሮ መጥታ መዓዲ የሰው ቤት ታጸዳለች። ሥራው አልከበዳትም። ያቃጠላት ያ «ሐሰተኛ» የሚል ቃል ነው። ማዳሟ «ተምረሻል?» ብላ ስትጠይቃት እንኳ አንገቷን ደፍታ መስኮት መወልወሏን ትቀጥላለች።

ይትባረክንም ጊዜ ገለበጠውና ካይሮ መጣ፤ ሞሃንዲሲን ሰፈር አንድ ሕንፃ ይጠብቃል። ቤተ ክርስቲያን ግቢ አገኛትና ምንም እንዳልተፈጠረ እጁን ዘረጋላት። እግሩ ሥር ተፋችበት። ሀበሻው ሁሉ ጉድ አለ፤ በእሱ ሳይሆን በእሷ!

የካይሮ ሀበሾች ማኅበር ሽማግሌ አቶ ጥሩነህ እናስታርቃችሁ ብለው ተነሡ። እምቢ አለች። ወንድሟ ሲደውል ግን አመነታች። ፖስታውን የተረከበው ሰው ቃሉን ከሰጠ ጉዳዩ ይገለበጣል፤ ካይሮ ሆኖ በቪዲዮ እንዲመሰክርም ዳኛው ፈቅደዋል አላት። ከታረቅን ይመሰክርልኛል ብላ እሺ አለች።

በእርቁ ዕለት ይትባረክ ሽማግሎቹ ፊት መሬት ላይ ተደፋ።

«እህቴ፣ ፖስታው ደርሶኝ ነበር። ለዘመድ ብዬ ደበቅኩት። በድዬሻለሁ፤ ስለ እግዚአብሔር ይቅር በይኝ።»

አስናቀች አለቀሰች። «ይቅር ለእግዚአብሔር» ብላ በእጇ አነሣችው። ስንመለስ ሜትሮ ባቡር ውስጥ «በአፉ አመነ እኮ!» እያለች ትስቅ ነበር። እኔም ሞኟ አብሬ ሳቅሁ።

ቀጠሮው ሲቃረብ ደወለችለት። የስልኩን ድምፅ ከፍታው ስለነበር እኔም ሰማሁ።

«ምን ምስክርነት?» አላት። «ታርቀን የለም እንዴ? ኸላስ፣ አለቀ! የታረቀ ሰው ደግሞ ይካሰሳል?»

ዘጋባት። አቶ ጥሩነህ ቤት እየሮጥን ሄድን።

«ሲያምን በጆሮዎ ሰምተዋል። እርስዎ ይመስክሩልኝ» አለቻቸው።

«ማሌሽ፣ አይዞሽ ልጄ። በእርቅ ላይ የተነገረ ዳኛ ፊት አይወጣም። ደንቡን ሳታውቂ ነው የታረቅሽው?»

ታውቀዋለች። ሁላችንም እናውቀዋለን። እግዚአብሔርን ጠርቶ ያመነ ሰው ለዳኛ ይክዳል ብላ ግን አላሰበችም። እኔ በበኩሌ እሳቸውንም ከዚያን ቀን ጀምሮ ጠላኋቸው።

የችሎቱ ቀን ምስክር ጠፋ። «ከሳሽ አላስረዳችም» ተብሎ መዝገቡ ተዘጋ።

በሚቀጥለው እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ሻይ ሲጠጣ አስናቀች ከመሀል ቆመች። ይትባረክ ከአቶ ጥሩነህ ጎን ተቀምጧል።

«አቶ ጥሩነህ፣ በእርስዎ ፊት የሰጠሁትን ይቅርታ ይመልሱልኝ።»

«ምን ነካሽ ልጄ? ይቅርታ ተሰጥቶ ይመለሳል?»

«የእኔ ዲፕሎማ እውነተኛ ሆኖ ሐሰተኛ ተብዬ ተባረርኩ። የዚህ ሰውዬ ንስሐ ሐሰተኛ ነው፤ እሱን ግን አጠገብዎ አስቀመጡት። ይመልሱልኝ!»

ሰው ሁሉ አቀረቀረ። አንዷ ብቻ «ወይ ቂም!» ስትል ሰማኋት። ይትባረክ ስኳር ጨመረና ሻዩን ማማሰል ጀመረ።